ጥፋቱ የአየሩ አይደለም

በቪአር ጌም ተጫዋቾች ዘንድ ማንም የማይከራከርበት አንድ ምክር አለ፦ ከበድ ያለ የኮምፒውተር ጌም በወጉ መጫወት የፈለገ ሰው መነጽሩን በገመድ ያገናኝ፤ ዋይፋይ ለሙከራ ያህል እንጂ ለቁም ነገር አይሆንም። ሻጩ ይህን ይላል። በዩቲዩብ የሚመክረውም ይህን ይላል። መነጽሩን ገና ከካርቶኑ ያወጣ ሰው “ምስሉ ይቆራረጥብኛል” ብሎ ሲጠይቅ ቀድሞ የሚደርሰው መልስ “ገመድ ግዛ” የሚል ነው። ምክሩ እ.ኤ.አ. በ2016 ትክክል ነበር። ዛሬ አብዛኛው ተጫዋች ፊቱ ላይ ለሚያስረው መነጽር ግን ስህተት ነው፤ ያውም ሰውን ያለ አግባብ ገንዘብ የሚያስወጣ፣ የጨዋታውንም ዋና ጣዕም የሚያሳጣ ስህተት።

ነገሩ ከየት እንደመጣ ማየት ይጠቅማል። ኦኩለስ ሪፍት በማርች 2016 በ599 ዶላር፣ ኤችቲሲ ቫይቭ ደግሞ በተከታዩ ወር በ799 ዶላር ገበያ ሲወጡ፣ ሁለቱም በራሳቸው አንድም ጌም ማስኬድ አይችሉም ነበር። ስክሪንና ሌንስ፣ የጭንቅላትን እንቅስቃሴ የሚለዩ ሴንሰሮች፣ ከዚያም እስከ ኮምፒውተሩ የሚዘረጋ ወፍራም ገመድ ብቻ ነበሩ። ምስሉ በኤችዲኤምአይ መስመር ሳይታመቅ እንዳለ ይደርሳል፤ ገመዱ ከተነቀለ መነጽሩ ይጨልማል። በሜይ 2019 ኦኩለስ ክዌስት በ399 ዶላር ሲመጣ ግን ጉዳዩ ከሥሩ ተለወጠ። የራሱ ቺፕ፣ የራሱ ባትሪ፣ የራሱ ካሜራዎች ያሉት ራሱን የቻለ ዕቃ ነው። በኦክቶበር 2020 የተከተለው ክዌስት 2 በ299 ዶላር ተሸጠ፤ በጥቂት ወራት ውስጥም ቫልቭ በስቲም መደብሩ ተጠቃሚዎች ላይ በየወሩ በሚያደርገው የመሣሪያ ጥናት ከቪአር መነጽሮች ሁሉ ቀዳሚ ሆነ። ለኮምፒውተር ተብሎ ያልተሠራ መነጽር የኮምፒውተር ቪአር ዋነኛ በር ሆነ ማለት ነው። ምክሩ ግን ከቀድሞዎቹ መነጽሮች ጋር እንደቆመ ቀረ።

“ራሱን ከቻለ ታዲያ ኮምፒውተሩ ለምን አስፈለገ?” የሚል ይኖራል። መልሱ ባትሪው ላይ ነው። የክዌስት 2 ባትሪ 14 ዋት-ሰዓት ያህል ይይዛል፤ ሁለት ሰዓት አካባቢ ያጫውታል። ስክሪኑ፣ ካሜራዎቹ፣ ዋይፋዩና ቺፑ ሁሉም አንድ ላይ ሆነው የሚካፈሉት ሰባት ዋት ገደማ ነው ማለት ነው። ቫልቭ በማርች 2020 ላወጣው ሃፍ ላይፍ አሊክስ በዝቅተኛነት የጠየቀው ጂቲኤክስ 1060 ግራፊክስ ካርድ ብቻውን እስከ 120 ዋት ይወስዳል። ይህን ልዩነት አዲስ ቺፕ በአንድ ጀምበር አይዘጋውም። አሊክስን የሚፈልግ፣ ወይም በማይክሮሶፍት ፍላይት ሲሙሌተር ከደመና በላይ መብረር የሚፈልግ ሰው ከባዱን ሥራ ለኮምፒውተሩ መስጠቱ ግድ ነው። የሚቀረው ጥያቄ ምስሉ ከኮምፒውተር ወደ መነጽር በምን ይሂድ የሚለው ብቻ ነው።

የገመድ ወገን የመጀመሪያው ማስረጃ “ገመድ ምስሉን ሳያበላሽ እንዳለ ያደርሳል” የሚል ነው። ለክዌስት ይህ ፈጽሞ እውነት አይደለም። ሒሳቡን ማንም ሊሠራው ይችላል። የክዌስት 2 ሁለቱ ዓይኖች ተደምረው 3664 በ1920 ፒክስል ናቸው። በሰከንድ 72 ምስል፣ ለእያንዳንዱ ፒክስል 24 ቢት ቢታሰብ በሰከንድ ከ12 ጊጋቢት በላይ ይመጣል። ዩኤስቢ 3.0 ቢበዛ የሚሸከመው 5 ጊጋቢት ነው። ስለዚህ የኦኩለስ ባለቤት ፌስቡክ በ2019 መጨረሻ ሊንክ የተባለውን የገመድ ዘዴ ሲያመጣ ምስሉን እንዳለ አላስተላለፈም፤ ላስተላልፍ ቢልም አይችልም ነበር። ኮምፒውተሩ እያንዳንዱን ምስል እንደ ቪዲዮ ያምቀዋል፣ በገመዱ ይልከዋል፣ የመነጽሩ ቺፕ ተቀብሎ ይፈታዋል። በዋይፋይ የሚሆነውም ይኸው ነው። ያው ማመቂያ፣ ያው መፍቻ። በአየር የሚላከው በተለምዶ በሰከንድ ከ100 እስከ 200 ሜጋቢት ስለሆነ ምስሉ ከ60 ጊዜ በላይ ታምቋል። ጨለማ ኮሪደር ውስጥ ጥላው ደረጃ ደረጃ ሆኖ የሚታየው፣ ጭንቅላት ሲዞር ሣሩና ቅጠሉ የሚደበዝዘው በዚህ ምክንያት ነው። ይህን የሚያይ ሰው የሊንክ ገመድ ቢገዛም ያንኑ ያያል።

እርግጥ በገመድ የሚላከውን መጠን ከፍ ማድረግ ይቻላል፤ ቅንብሩን ነካክተው ወደ 500 ሜጋቢትና ከዚያ በላይ የሚያደርሱት አሉ። ግን ቢቱ ሲበዛ የሚፈታው ያው ትንሽ ቺፕ ነው። የመፍቻው ጊዜ ይረዝማል፤ በምስል ጥራት የተገኘው በመዘግየት ይከፈላል።

ሁለተኛው ማስረጃ ይኸው መዘግየት ነው። እዚህ ላይ የሚጠቀሰው ቁጥር 20 ሚሊሰከንድ ነው፦ ጭንቅላት ከተንቀሳቀሰበት ቅጽበት እስከ ምስሉ መለወጥ ከዚህ ካለፈ ራስ ያዞራል፣ ያቅለሸልሻል ይባላል። ቁጥሩን ካስተዋወቁት አንዱ፣ በኋላ የኦኩለስ የቴክኖሎጂ ኃላፊ የሆነው ጆን ካርማክ ነው፤ ያስተዋወቀውም በ2013 በጻፈው ጽሑፍ ነው። ቁጥሩን የሚጠቅሱ ሰዎች ጽሑፉን እስከ መጨረሻው ቢያነቡት መድኃኒቱንም እዚያው ያገኙት ነበር። የካርማክ ሐሳብ ምስሉ ተሠርቶ ካለቀ በኋላ፣ ስክሪን ላይ ሊወጣ ጥቂት ሲቀረው፣ ጭንቅላቱ በዚያች ቅጽበት ያለበትን አቅጣጫ እንደገና ማንበብና ምስሉን በዚያ ልክ ማዞር የሚል ነው። ታይምዋርፕ የሚባለው ይህ ነው። ራሱን በቻለ መነጽር ይህን የሚሠራው መነጽሩ ራሱ ነው፤ ኮምፒውተሩን አይጠብቅም። ስለዚህ ከኮምፒውተሩ የደረሰው ምስል 40 ወይም 50 ሚሊሰከንድ ያለፈው ቢሆን እንኳ አንገቱን ላዞረ ሰው ዓለሙ ከአንገቱ ጋር እኩል ይዞራል። አንገት በጣም ፈጥኖ ሲዞር በዕይታው ጠርዝ ላይ ቀጭን ጥቁር ሰበዝ ብልጭ ብሎ ይጠፋል፤ የዘዴው ጉድለት እዚያ ላይ ይታያል።

መዘግየቱ በእርግጥ የሚታወቀው በእጅ ነው። ሰይፍ ሲሰነዘር፣ ኳስ ሲቀለብ፣ የሽጉጥ ቃታ ሲሳብ። በዚህ ላይ ጥያቄው ገመድ ከመዘግየቱ ስንቱን ይቀንሳል የሚል መሆን አለበት፤ ይህንንም በዓይን ማየት ይቻላል። ቨርቹዋል ዴስክቶፕ የተባለው መተግበሪያ በጨዋታ መሃል የሚከፈት የመለኪያ ሰሌዳ አለው። መዘግየቱን በአራት ከፍሎ ያሳያል፦ ጌሙ ምስሉን ለመሥራት የወሰደው፣ ኮምፒውተሩ ለማመቅ የወሰደው፣ በኔትወርኩ ላይ ያለፈው፣ መነጽሩ ለመፍታት የወሰደው። በደንብ በተዘረጋበት ቤት ኔትወርኩ የሚወስደው ጥቂት ሚሊሰከንድ ነው። ገመድ ሊያሻሽል የሚችለው ያችኑ አንድ ክፍል ብቻ ነው፤ የቀሩት ሦስቱ ገመድ ኖረም አልኖረም አይቀሩም። “ዋይፋይ ይዘገያል” ብሎ የሚፈርድ ሁሉ አስቀድሞ ያን ሰሌዳ ከፍቶ አራቱን ቁጥሮች ቢያነብ ለመካሪውም ለተመካሪውም ይበጃል።

ታዲያ የሚቆራረጠው ምንድን ነው? ቅሬታው ሐሰት አይደለም፤ ይቆራረጥብኛል የሚል ሰው በእርግጥ ይቆራረጥበታል። ጥፋቱ ግን አብዛኛውን ጊዜ በመነጽሩና በራውተሩ መካከል ባለው አየር ላይ አይደለም። ያለው ማንም ልብ በማይለው በኮምፒውተሩና በራውተሩ መካከል ነው። አንድ የተለመደ ቤት እንይ። ራውተሩ ሳሎን ከቴሌቪዥኑ ጀርባ ተቀምጧል። ኮምፒውተሩ መኝታ ቤት ነው፤ ገመድ መዘርጋት ስላስቸገረ በዋይፋይ ተያይዟል። መነጽሩም በዚያው ቻናል ላይ ነው። እያንዳንዱ ምስል መጀመሪያ ከኮምፒውተሩ ወደ ራውተሩ፣ ቀጥሎ ከራውተሩ ወደ መነጽሩ፣ ሁለት ጊዜ በአንዱ አየር ያልፋል። አንድ መኪና ብቻ በሚያሳልፍ ድልድይ አንዱን ጭነት ሁለት ጊዜ እንደማሻገር ነው። በዚያ ላይ የቤተሰቡ ስልኮችና ቴሌቪዥኑ ያንኑ ቻናል ይሻማሉ።

በሰከንድ 72 ምስል ሲባል ለአንዱ ምስል ያለው ጊዜ ከ14 ሚሊሰከንድ አይበልጥም። አንዱ ስልክ ፎቶ ሲጭን የባከነች 30 ሚሊሰከንድ ዩቲዩብ ለሚያይ ሰው ምንም አይደለችም፤ ዩቲዩብ ቀድሞ ያጠራቀመው ቪዲዮ አለውና። ቪአር ግን ማጠራቀም አይችልም፤ ተጫዋቹ ወዴት እንደሚዞር፣ እጁን ወዴት እንደሚዘረጋ ገና አልታወቀም። ለዚህ ነው አማካይ ፍጥነቱ ከበቂ በላይ የሆነ ዋይፋይ እንኳ ጌሙን ሊያንቀጠቅጠው የሚችለው፣ የፍጥነት መለኪያ መተግበሪያ የሚያሳየው ትልቅ ቁጥርም ምንም የማይነግረው።

ይቆራረጥብኛል ለሚል ሰው የሚያስፈልገው ገመድ አንድ ነው፤ እሱም ተራ የኔትወርክ ገመድ፣ ከኮምፒውተሩ ተነስቶ በግድግዳው ጥግ ወደ ራውተሩ የሚሄድ። ከዚያ መነጽሩን በ5 ጊጋኸርዝ ማገናኘት፣ ራውተሩን ወደ መጫወቻው ክፍል ማምጣት፣ ስልኮቹንና ቴሌቪዥኑን ወደ 2.4 ጊጋኸርዝ ማዛወር። የክዌስት 2 ዋይፋይ በ80 ሜጋኸርዝ ስፋት በወረቀት ላይ በሰከንድ 1200 ሜጋቢት ይደርሳል፤ በተግባር ከዚህ ብዙ ቢወርድ እንኳ 150 ሜጋቢት ለሚፈልግ ሥራ ከበቂ በላይ ነው። ጎረቤት በበዛበት አፓርታማ 5 ጊጋኸርዝ ይጨናነቃል፤ እሱም መፍትሔ አለው። አሜሪካ በኤፕሪል 2020 የ6 ጊጋኸርዝን መስመር ለዋይፋይ ከፍታለች፤ አውሮፓም በ2021 ከፊሉን ከፍቷል። ይህ ሞገድ ግድግዳ ማለፍ ይከብደዋል፤ ለሌላው ሥራ እንከን የሆነው ይህ ጠባዩ ለቪአር የጎረቤትን ዋይፋይ ከክፍሉ ውጭ ያስቀርለታል። በ2023 የወጣው ክዌስት 3 ይህን መስመር ይጠቀማል።

አሁን ዋጋውን እናስተያይ። የኦኩለስ የራሱ የሊንክ ገመድ ሲወጣ ርዝመቱ 5 ሜትር፣ ዋጋው 79 ዶላር ነበር። በዚያ ገንዘብ ለዚህ ሥራ የሚበቃ ራውተር ይገዛል፤ ራውተሩም ለመላው ቤተሰብ ያገለግላል። “ገመድ ግዛ” የሚለው ምክር ገንዘብ ያስወጣል ሲባል ይህን ማለት ነው።

አዲስ አበባ ላይ ዘመዱ ከአሜሪካ መነጽር ላመጣለት ወጣት አንድ ነገር መጨመር ያስፈልጋል። “በዚህ ኢንተርኔት እንዴት ይሆናል?” የሚለው ስጋት እዚህ ቦታ የለውም፤ የምስሉ ጉዞ ከቤቱ አይወጣም። ኢንተርኔት የሚፈልገው ጌሙ ሲወርድ ነው፤ እንደ አሊክስ ያለው ጌም በአሥሮች የሚቆጠር ጊጋባይት ስለሆነ ጥቅሉን የሚጎዳውም ያኔ ነው። ከዚያ ወዲያ በኮምፒውተሩና በመነጽሩ መካከል የሚመላለሰው ቢት ሁሉ በራውተሩ በኩል እዚያው ክፍል ውስጥ ያልቃል፤ ከኢንተርኔት ፍጥነትም ከጥቅል ሂሳብም ጋር አይነካካም።

በገመድ የሚታጣው ነገር ግን ከገንዘቡም ከሚሊሰከንዱም ይበልጣል። አሊክስ ውስጥ ጄፍ የሚባል ዓይነ ስውር ፍጡር ያለበት ምዕራፍ አለ። ጄፍ አያይም፤ ድምፅ ግን ጥርት አድርጎ ይሰማል። በዙሪያው የሚበተነው ብናኝ ያስላል፤ ተጫዋቹ ሳሉ እንዳያመልጠው የገዛ እጁን አንስቶ አፉን ይሸፍናል። በዚያኛው እጁ በሩን ቀስ አድርጎ ይገፋል፣ መደርደሪያ ላይ ያለ ጠርሙስ እንዳይወድቅ ይይዛል፣ ፍጡሩ በአጠገቡ ሲያልፍ ጎንበስ ብሎ ትንፋሹን ውጦ ይዞራል። ምዕራፉ በሙሉ የተሠራው ሰው በገዛ ሰውነቱ እንዲፈራ ነው። በገመድ የተያዘ ተጫዋች ግን በዚያች ሰዓት ግማሽ ሐሳቡ እግሩ ሥር ነው። ገመዱ ከኋላ ነው ወይስ ከጎን? ቅድም የዞረው በቀኝ ነበር ወይስ በግራ? ጎንበስ ሲል ገመዱ ጭንቅላቱን ወደ ኋላ ይስበዋል፤ ሲነሳ ቁርጭምጭሚቱ ላይ ይጠመጠማል። ከጥቂት ቀን በኋላ ሰውየው ሳያስበው መዞር ይተዋል። ወደ አንድ አቅጣጫ እንደተተከለ በአውራ ጣቱ መቆጣጠሪያውን እየገፋ ዓለሙን ያዞራል። ቪአር ከስክሪን የሚለይበትን ዋናውን ነገር በገዛ ፈቃዱ ጣለው።

ገመዱ ባትሪ ይሞላል የሚለውም ብዙ ውሃ አያነሳም። የተለመደው የዩኤስቢ 3.0 መሰኪያ የሚሰጠው 4.5 ዋት ነው፤ መነጽሩ በጨዋታ ላይ የሚወስደው ከዚያ ይበልጣል። ባትሪው ቀስ ብሎ ይወርዳል እንጂ መውረዱ አይቀርም።

ለገመድ የሚገባውን መንፈግ ግን አይገባም። በዲስፕሌይፖርት የሚሠሩ መነጽሮች፣ ለምሳሌ ቫልቭ ኢንዴክስ ወይም ቢግስክሪን ቢዮንድ፣ ምስሉን በቪዲዮ ማመቂያ ሳያሳልፉ ይቀበላሉ። በአውሮፕላን ሲሙሌተር ሰዓታት የሚያሳልፍ ሰው ወንበር ላይ ነው፤ ገመዱ አይጠመጠምበትም፤ ከዳሽቦርዱ ላይ የደቀቀ ቁጥር ማንበብ ይፈልጋል። በመኪና ውድድርም እንዲሁ። ለእነዚህ ሰዎች እንዲህ ያለው መነጽር ትክክለኛ ምርጫ ነው፤ ይህን የሚክድ ሰው አድሏል። ግን ኢንዴክስ በ2019 ሲወጣ ሙሉ ዕቃው 999 ዶላር ነበር። ስህተቱ የእነዚያን መነጽሮች ጸጋ ወስዶ ለክዌስት የዩኤስቢ ገመድ ማልበስ ነው። በስም ሁለቱም ገመድ ናቸው፤ በውስጣቸው የሚያልፈው ግን የተለያየ ነው።

እምነቱ እንዲህ የጸናው በተጫዋቾች ጥፋት ብቻ አይደለም፤ የኦኩለስ እጅም አለበት። ቨርቹዋል ዴስክቶፕን የሚሠራው ጋይ ጎዲን የተባለ አንድ ካናዳዊ ፕሮግራመር ነው። ክዌስት በወጣ ሰሞን፣ በጁን 2019፣ መተግበሪያው የስቲም ቪአር ጌሞችን ያለ ገመድ ማስተላለፍ ጀምሮ ነበር። ኦኩለስ ይህ አገልግሎት ከመደብሩ እንዲወጣ አዘዘ፤ ወጣም። ከዚያ በኋላ የፈለገ ሰው መተግበሪያውን ከመደብሩ ይገዛል፣ ለመነጽሩ የዴቨሎፐር ፈቃድ ያወጣለታል፣ ከዚያም ማሟያውን ሳይድክዌስት ከተባለ የውጭ መንገድ ይጭናል። ይህን ሁሉ ማለፍ የቻለ ያለ ገመድ ተጫወተ፤ ያልቻለው፣ ማለትም ብዙኃኑ፣ ኩባንያው ራሱ የሚሸጠው ገመድ ብቸኛው መንገድ መሰለው። በሩ የተከፈተው በፌብሩዋሪ 2021 ነው። በኤፕሪል 2021 ደግሞ ኩባንያው ኤር ሊንክ የተባለ የራሱን ገመድ አልባ ዘዴ ይፋ አደረገ። አንድ ሰው ብቻውን የሠራው፣ ሃያ ወር ያህል በጓሮ በር ሲገባ የኖረው ነገር በሁለት ወር ልዩነት የኩባንያው ኩራት ሆኖ በፊት በር ገባ። በዚያ ሃያ ወር ግን ክዌስት 2 ወጥቷል፣ የመጀመሪያዎቹ የምክር ቪዲዮዎች ተሠርተዋል። እነዚያ ቪዲዮዎች ዛሬም እየታዩ ነው።

ቫልቭም ራሱ ስቲም ሊንክ በተባለው መተግበሪያው በ2023 መገባደጃ ወደ ክዌስት መጣ። በኖቬምበር 2025 ያስተዋወቀው ስቲም ፍሬም ደግሞ ከኮምፒውተር ጋር የሚያያይዘው የቪዲዮ ገመድ የለውም። አብሮት የሚመጣው ኮምፒውተሩ ላይ የሚሰካ ትንሽ የ6 ጊጋኸርዝ አስተላላፊ ነው፤ መነጽሩም አንዱን ሬዲዮ ለምስሉ፣ ሌላውን ለቤቱ ኢንተርኔት ለይቶ ይይዛል። ዓይን የሚያርፍበትን ቦታ እየተከታተለ ጥራቱን እዚያ ላይ ያበዛል። የዚህ አሠራር ትርጉም ግልጽ ነው፦ በኮምፒውተሩና በራውተሩ መካከል ያለውን የተረሳ መንገድ ከነጭራሹ ማስቀረት፣ ለመነጽሩ ማንም የማይሻማውን የራሱን መስመር መስጠት። ኢንዴክስን በገመድ የሠራው ኩባንያ ነው ይህን ያደረገው።

መነጽር የሚሸጡ ሱቆችና በቪዲዮ የሚመክሩ ሰዎች “ገመድ ግዛ” ከማለታቸው በፊት “ኮምፒውተርህ ከራውተሩ ጋር በምን ተያይዟል?” ብለው ይጠይቁ። አንባቢውም ገመድ ለመግዛት ቦርሳውን ከማውጣቱ አስቀድሞ ኮምፒውተሩን በኔትወርክ ገመድ ከራውተሩ ጋር ያያይዝ፤ መነጽሩን በ5 ጊጋኸርዝ ለብቻው ያድርገው፤ የመለኪያ ሰሌዳውን ከፍቶ አንድ ምሽት ይጫወት። በኔትወርኩ አንጻር የሚታየው ቁጥር ከአሥር ሚሊሰከንድ በታች ረግቶ ከቆየ ያን ገመድ አይግዛ።